የጎልፍ ዱላው ለልምምድ ነው

የካቲት 8፣ እሑድ

ሸዋረጋ አብዳለች፣ ሰው መምቻ ብረት ይዛ ፌርፋክስ ላይ ትዞራለች የሚባለው ወሬ ሐሰት ነው። አላበድኩም። ብረቱም የሰው መምቻ አይደለም፤ የጎልፍ ዱላ ነው። መምህርት ሳለሁ እንኳ በማስመሪያ ጠረጴዛ እንጂ ልጅ መትቼ አላውቅም።

ወሬውን የነገረችኝ ሐና ናት፤ ያገራችን ሱቆች በተሰለፉበት በፌርፋክስ ጎዳና ምግብ ቤት ውስጥ የምታስተናግድ፣ ቤተ ክርስቲያን አጠገቤ የምትቆም ልጅ። ከቅዳሴ በኋላ ወደ ጆሮዬ ተጠግታ ሰው እንዲህ ይላል፣ እኔ ግን አላመንኩም አለችኝ። ያላመነ ሰው አይደግመውም።

ነገሩ እንዲህ ነው። የልጄ ልጅ ሶሊያና ፊልም ትማራለች። ለመመረቂያዋ አጭር ፊልም ማቅረብ አለባት። የመረጠችው የዛሬ መቶ ዓመት ይሠራ የነበረውን ዓይነት ነው፤ ጥቁርና ነጭ፣ ድምፅ የሌለው፣ ስፖርት የማያውቁ ሰዎች ሜዳ ወጥተው የሚዋረዱበት። አንዱ ዓሣ አጠምዳለሁ ብሎ የራሱን ባርኔጣ ያጠምዳል፤ ሌላው ቴኒስ ሲጫወት መረቡ ይጠቀልለዋል። እኔ እነዚያን ፊልሞች አዳሪ ትምህርት ቤት ሳለሁ አይቻለሁ። ቅዳሜ ማታ ርዕሰ መምህርቷ የምግብ አዳራሹ ግድግዳ ላይ አንሶላ ወጥረው ያሳዩን ነበር። መሳቅ ይፈቀዳል፤ አፍ ከፍቶ መሳቅ አይፈቀድም። ይህን ለሶሊያና ማውራቴ ነው ጣጣ ያመጣው። «ሶ፣ እማማ፣ አንቺ ራስሽ ትሠሪያለሽ» አለችኝ።

ታሪኩ አጭር ነው። ጎልፍ የማያውቁ ሁለት የተከበሩ ሰዎች ጎልፍ ሊጫወቱ ይወጣሉ። ወይዘሮዋ እኔ ነኝ። ጌታው አቶ ይልቃል ናቸው፤ ከቤቴ ማዶ የመኪና ማቆሚያውን የሚጠብቁት፣ እሑድ እሑድ ቤተ ክርስቲያን የሚወስዱኝ። ዱላ ተሸካሚው ዳኒ ነው፤ በመኪናው ሰው የሚያመላልስ፣ ለሰው ሥራ የማይሰንፍ ልጅ። ዱላውን ከአሮጌ ዕቃ መደብር ያመጣው እሱ ነው። እኔ ጋ የሚያድረው እጄ እንዲለምደው ነው። ለልምምድ። ቁመቱም ልክ ሆኖልኛል።

ነገ ጾም ይገባል።

የካቲት 10፣ ማክሰኞ

ዓይናለም ደወለች። ልጄ፣ የሶሊያና እናት፣ ከከተማው ዳር ዌስትቼስተር በሚባል ሰፈር፣ አውሮፕላን ማረፊያው አጠገብ ሆቴል ውስጥ ትሠራለች፤ የምትኖረውም እዚያው አካባቢ ነው። «እማዬ፣ ሩሙ ሬዲ ነው። ስቴርስ የለውም፣ ባዝሩሙም እዛው ነው» አለችኝ። አንዱንም ቃል ሳላልፍ በአማርኛ አረምኩላት። ክፍሉ ዝግጁ መሆኑ ደግ ነው፣ እንግዳ ይመጣበታል አልኳት። 

የኔን ደረጃ ሰው ሁሉ ያማርረዋል። እኔ ሥርዓት አበጅቼለታለሁ፤ የሚያስፈልገውን ሁሉ አስቤ በቀን አንድ ጊዜ ብቻ እወርዳለሁ።

የካቲት 14፣ ቅዳሜ

ሥራው ቀላል መስሎኝ ነበር።

ዋናውን የጎልፍ ሜዳ ስላልፈቀዱልን መናፈሻው ውስጥ፣ ኩሬው አጠገብ ባለው ሣር ላይ ነው የምንሠራው። ሶሊያና ቀጭን ፍራሽ ዘርግታ በአረንጓዴ ጨርቅ ሸፈነችው። እኔ ነጭ ባርኔጣዬን፣ ጓንቴንና ረጅም ቀሚሴን አድርጌ ኳሷን በንቀት አያታለሁ፤ ዱላውን እሰነዝራለሁ፤ እስታለሁ፤ ዞሬ ፍራሹ ላይ እወድቃለሁ። አቶ ይልቃልና ዳኒ ፈዘው ይቆማሉ። የእነዚያ ፊልሞች ሕግ ይህ ነው፤ አንዱ ሲወድቅ ሌላው እንደ እንጨት ይቀራል። ሰው የሚስቀውም በዚህ ነው።

ሰነዘርኩ፣ ሳትኩ፣ ወደቅሁ።

«እኔን!» አሉ አቶ ይልቃል፤ ዱላቸውን ጥለው መጡ። ወፍራም ሰው ናቸው፣ እንዲያ ይሮጣሉ ብዬ አልገመትኩም። ዳኒም ከረጢቱን ወርውሮ እኔን ይድፋኝ እያለ ክንዴን ያዘ። ሁለቱ ግራና ቀኝ ሲጎትቱኝ ከመውደቁ ይልቅ መነሣቱ አመመኝ።

ሶሊያና ለመነቻቸው። ይቅርታ ጠየቁ። እንደገና ወደቅሁ፤ እንደገና ሮጡ። ቀጥሎ አቶ ይልቃል ዛፍ ተደግፈው፣ ዳኒ ሁለት እጁን ኪሱ ከትቶ፣ እንደ ምንም ቻሉ። ነገር ግን በመንገዱ የሕፃን ጋሪ እየገፋች የምታልፍ የማናውቃት ያገር ልጅ ጋሪውን አቁማ «ውይ እናቴን!» ብላ ካሜራው ፊት ገብታ አቀፈችኝ። ፊልም መሆኑን ሲነግሯት አፈረች፤ ቀሚሴን ሳታራግፍልኝ ግን አልሄደችም።

በመጨረሻ ሁሉም ጸጥ ባለበት፣ አላፊም በሌለበት ወደቅሁ። ቀና ስል የሚሮጥ ሰው አየሁ። ሶሊያና ናት። እዚህ ተወልዳ፣ እዚህ አድጋ፣ አማርኛዋ እንደ ተሰበረ ወንበር የሚንገዳገድ ልጅ፣ ካሜራዋን ትታ «እኔን» እያለች ትሮጣለች።

«ሶሪ፣ እማማ። አፌ ላይ መጣብኝ።»

ዳኒ ሣሩ ላይ ተዘርግቶ በዚህ አያያዛችን የጎልፍ ፊልም ሳይሆን የአምቡላንስ ማስታወቂያ ነው የምንሠራው አለ። ወደ ቤት ስንመለስ እኔም ማሰቤ አልቀረም። እነዚያን ፊልሞች የሠሩት ሰዎች ለወደቀ ሰው የሚሉት ነገር ስላልነበራቸው ይሆናል እንዲያ የሳቁት።

የካቲት 21፣ ቅዳሜ

እንደ መምህርትነቴ ዘመን ክፍሉን ተረከብኩት። ቀረጻ ሳይጀመር አሰለፍኳቸውና ትእዛዝ ሰጠሁ። እኔ ስወድቅ ማንም አይንቀሳቀስም። ባርኔጣዬ ቢወድቅ አይንቀሳቀስም። ብጮህ አይንቀሳቀስም። ተነሥቼ ቀሚሴን አራግፌ ስጨርስ ያን ጊዜ መተንፈስ ይቻላል። የተንቀሳቀሰ ኩሬውን ዞሮ ይመጣል። ዳኒ ኩሬውን ደጋግሞ ዞረ፤ የኩሬው ዝዮችም ለመዱት።

አወዳደቅም አስተማርኩ፤ ሁሉም በፊልሙ ተራ በተራ ይወድቃሉና። መስገድ የሚያውቅ ሰው መውደቅ ያውቃል። መጀመሪያ ጉልበት፣ ከዚያ እጅ፣ ከዚያ ግንባር። ሰውነትን ለመሬት ማስረከብ ነው እንጂ መሬትን መምታት አይደለም። ዳኒ፣ «እትዬ፣ አንቺ ስቅለት ዕለት ነዋ የምትሠለጥኚው» አለኝ። እዚህ ያደጉት አንቱን ትተዋል፤ እርማቱን ለሌላ ቀን አሳደርኩት።

አቶ ይልቃል ግን ተጨነቁ። ወደ ጎን ወሰዱኝ። «እትዬ ሸዋረጋ፣ ትልቅ ሰው ሲወድቅ ቆሞ ማየት ነውር ነው። እግሬን እሺ አሰኘሁት። አፌ እምቢ አለኝ።»

«አፍዎ ያሻውን ይበል» አልኳቸው። «ፊልሙ ድምፅ የለውም። እግርዎ ይቁም።»

ከዚያ በኋላ እንደ ሐውልት ቆሙ። ሶሊያና ደስ ብሏት አቀፈችኝ። ለሷም አንድ ነገር ነገርኳት። የሚያስቀው ውድቀቱ አይደለም፤ ወዳቂዋ ማንም አላየኝም ብላ ባርኔጣዋን አስተካክላ መሄዷ ነው። ይህንን እኔ ከማንም የተሻለ እችላለሁ። ጻፈችው።

የካቲት 29፣ እሑድ

ትናንት ዘነበ፤ ቀረጻ አልነበረም። ዛሬ ቤተ ክርስቲያን አልሄድኩም።

ዳሌዬ ላይ የጠቆረው ከፊልሙ ነው። ለፊልሙ የምወድቀው በግራ ነው፣ የጠቆረው ቀኙ ነው፤ ግን በዚህ ዕድሜ ሕመም ቦታ ይለዋውጣል።

የመታጠቢያ ቤቱን ምንጣፍ ጣልኩት። አሮጌ ነበር።

መጋቢት 4፣ ዓርብ

ዓይናለም ከሥራ ወጥታ መጣች፤ የጾም ወጥ ይዛ። ሶሊያናም ነበረች። ከመግባታቸው በፊት ደረጃው ላይ ሲነጋገሩ ሰማሁ፤ በሩ ስስ ነው። ዓይናለም፣ «አንቺ ፊልም ነው የምታይው፣ እኔ እናቴን ነው የማየው። አንድ ቀን ብቻዋን ወድቃ ብትቀርስ?» አለች። ልጅቷ የመለሰችው አልተሰማኝም።

ገብታ ዱላውን ከበሩ ጥግ አነሣችው። ምን እንደሆነ ጠየቀችኝ፤ ለልምምድ ነው አልኳት። ገለበጠችው። የጎማው መያዣ ጫፉ ተፍቆ ነጭ ሆኗል፤ የፌርፋክስ አስፋልት እንዲህ ሻካራ ነው። ጣቷን አሳረፈችበት።

«እማዬ፣ ጎልፍ በዚህ በኩል ነው እንዴ የሚመታው?»

ወጡ እንዳይቀዘቅዝ አልኳት።

ሳትሄድ ቃል አስገባችኝ። «አንድ ጊዜ ብትወድቂ፣ ኦኬ? አንድ ጊዜ ብቻ። ያን ቀን ዕቃሽን ጠቅልለሽ እኔ ጋ ትመጫለሽ።» እሺ አልኩ። ቃሌን አጥፌ አላውቅም። የፊልሙ አይቆጠርም፤ ይህንንም በግልጽ ነግሬያታለሁ።

ክፍሉን አንድ ጊዜ አይቼዋለሁ። ንጹሕ ነው። አውሮፕላኖቹ በጣሪያው ላይ እያለፉ ሰው የጀመረውን ነገር ያቋርጡታል። በእግሩ የሚሄድ ሰው መንገዱ ላይ አላየሁም። እዚህ ግን ከበሬ ስወጣ አቶ ይልቃል ባርኔጣቸውን ያነሡልኛል፤ ሐና ጠረጴዛ እየጠረገች በመስኮት ትጠቅሰኛለች፤ ቅመም ሻጩ ሚዛኑን ሳላይበት አይመዝንልኝም። ልጄ ይህን ሁሉ «ስቴርስ» ትለዋለች።

መጋቢት 12፣ ቅዳሜ

ዛሬ የምንቀርጸው ውስጥ ውድቀት አልነበረም። ከሣሩ ዳር ካለው ባሕር ዛፍ ሥር ተነሥቼ ወደ ኳሷ በኩራት መራመድ ብቻ ነበር። ፍራሹ መኪና ውስጥ ነው። ሶሊያና፣ እማማ፣ ዱላውን ለዳኒ ስጪው፣ ወይዘሮዋ አትሸከምም አለችኝ። ልክ ናት። የተከበረች ወይዘሮ የራሷን ዱላ አትሸከምም። ሰጠሁት።

እስከ መንገዱ አጋማሽ ደኅና ሄድኩ። ከዚያ ወደቅሁ። ማለቴ፣ ውድቀት ጨመርኩ።

ሣሩ እርጥብ ነበር። ፊቴ ወደ ጎን ዞሮ ስለ ነበር የሚታየኝ ጫማቸው ነው፤ የአቶ ይልቃል የተወለወለው ጥቁር፣ የዳኒ ነጭ ሸራ። አልተንቀሳቀሱም። ጠበቅሁ። ባርኔጣዬ እየተንከባለለ ኩሬው ዳር ደረሰ፤ አንዲት ዝይ መጥታ በመንቁሯ ነካካችው። ጫማዎቹ እንደቆሙ ናቸው። እንዲህ በሚገባ ያስተማርኩት ክፍል ትዝ አይለኝም።

አፌን ልከፍት ነበር። ብጮህም እንዳይመጡ ማዘዜ ትዝ አለኝና ዘጋሁት።

ጥቂት ቆይቼ ተነሣሁ። መጀመሪያ እጅ፣ ከዚያ ጉልበት። ጉልበቱ ለመነሣት ልመና ፈልጎ ነበር። ቀሚሴን አራገፍኩ፣ ጓንቴን አስተካከልኩ፣ ወደ ኳሷ ሄድኩ። ያን ጊዜ ሶሊያና ካት ብላ ጮኸች። እየዘለለች መጣች። ዳኒ አጨበጨበ፤ ይሄኛው የሚያሸልም ነው አለ። ድንገት አሰብኩትና ጨመርኩት አልኳቸው።

አቶ ይልቃል አላጨበጨቡም። ባርኔጣዬን ከኩሬው ዳር አንሥተው፣ ጭቃውን በመሐረባቸው ጠርገው አመጡልኝ። ከዚያ ክርናቸውን ሰጡኝ። መኪናው ቅርብ ነው አልኳቸው። አውቃለሁ አሉ፤ ክርናቸውን ግን አልመለሱም። እንደ ተዘረጋ እስከ መኪናው ድረስ አጠገቤ ሄዱ። አልያዝኩትም። ሰው ያያል።

መጋቢት 13፣ እሑድ

ለዓይናለም የገባሁት ቃል ስለ መውደቅ ነው። ካሜራ ፊት ነበርኩ። ካሜራው እየሠራ ነበር። ስለዚህ ፊልም ነው።

ደግሞ ማንም አላወቀም።

መጋቢት 16፣ ረቡዕ

ዳቦ ልገዛ ስወርድ አቶ ይልቃል ከመኪና ማቆሚያው ዳሳቸው ወጡ። ሰላምታ ተለዋወጥን። ስለ ዝናቡ አወራን። ልሄድ ስል አንድ መኪና እየገባ ነበር፤ እጃቸውን አንሥተው አስቆሙት። ሹፌሩ ጥሩንባ ቢነፋም ዘወር አላሉም።

«እትዬ፣ ሌላ ጊዜ የሚጨምሩት ካለ አስቀድመው ይንገሩኝ። ያን ዕለት እግሬ ታዘዘዎት። ከዚያ ወዲህ እንቅልፍ የለኝም።»

በጣም ጥሩ ቆመዋል አልኳቸው።

ዳቦውን ሳልገዛ ተመለስኩ። ለዚያ ሰው የሚሰጥ መልስ ነው?

መጋቢት 25፣ ዓርብ

ሶሊያና ፊልሙን እየቆረጠች የምትቀጥለው እኔ ጠረጴዛ ላይ ነው፤ ቤታቸው ጫጫታ ነው ትላለች። ስትሠራ መነጽሬን አድርጌ ከኋላዋ ቆሜ ስሕተት እለቅማለሁ። ዛሬ የኔን ውድቀቶች ደረደረቻቸው። አንዱን ታሳያለች፣ ታቆማለች፣ ሌላውን ታሳያለች። የመጋቢት 12ቱን ብዙ ጊዜ መለሰችው።

«እማማ፣ በሌሎቹ ሁሉ ከመውደቅሽ በፊት መሬቱን ታያለሽ። ትንሽ፣ እንዲህ፣ በዓይንሽ ብቻ። እዚህ ጋ አላየሽም።»

ተሻሽዬ ነዋ አልኳት።

ዘወር ብላ አየችኝ። ልጅቷ የእናቷ ዓይን ነው ያላት፤ ሲያይ አይቸኩልም። ከፈለግሽ አወጣዋለሁ፣ እማዬም ፊልሙን ታየዋለች አለችኝ። ያለችው ይህን ብቻ ነው።

ይውጣ ብል ምን ማለቴ እንደሆነ ገባኝ። ይቆይ ብል ደግሞ ዓይናለም ታየዋለች። ቆሜ አሰብኩ። ነገር ግን ከሁሉ የሚበልጠው ውድቀት እሱ ነው። ሌሎቹ ጥሩ ናቸው፣ ተማሪ የሠራቸው ይመስላሉ። እሱ ላይ ባርኔጣው የሚሄድበት መንገድ፣ ዝይዋ፣ የሁለቱ ሰዎች አቋቋም፣ ተፈልጎ አይገኝም። የኔን ፊት ለማዳን የልጅቷን ሥራ አላበላሽም።

ይቆይ አልኳት። ኦኬ አለች። ከዚያ ዞር ሳትል፣ ዛሬ እዚህ ልደር አለችኝ።

ሚያዝያ 2፣ ስቅለት

ከኋላ ወንበር ላይ ተቀምጬ ዋልኩ። ቦታው ጠባብ ስለ ነበር ነው። ሰው ሁሉ ሲሰግድ ጀርባውን አያለሁ፤ እንደ ማዕበል ይወርዳል፣ ይነሣል። በልቤ ሰገድኩ። አቶ ይልቃል በወንዶች በኩል ነበሩ። አንድ ጊዜ ዞረው አዩኝና ቶሎ ፊታቸውን መለሱ።

ሚያዝያ 10፣ ቅዳሜ ማታ

ፊልሙ ታየ። ሐና የምትሠራበት ምግብ ቤት የኋላ አዳራሹን ሰጡን። ግድግዳው ላይ የተወጠረው አንሶላ የኔ ነው፤ ሶሊያና የተጨማደደ ይዛ መጥታ ነበር፣ አይሆንም ብዬ የራሴን ተኩሼ ወሰድኩ። ሰዉ የጾሙን ሥጋ ሊክስ የመጣ ይመስል ሳህን ይዞ ነው የገባው። ዓይናለም የሥራ ልብሷን ሳታወልቅ መጥታ በግራዬ ተቀመጠች። አቶ ይልቃል ክራባት አድርገው ከበሩ አጠገብ ቆሙ።

ሳቁ። እንደዚያ ይስቃሉ ብዬ አላሰብኩም። ዳኒ ከዝዮቹ ጋር ሲጣላ ሳቁ፤ አቶ ይልቃል ኳሷን ፍለጋ ጎንበስ ብለው ሱሪያቸው ሲተረተር ሳቁ፤ እኔ ስሰነዝርና ፍራሹ ላይ ስዘረጋ እንባቸው እስኪፈስ ሳቁ፤ አንዱ ጎምቱ ሽማግሌ ሳህኑን አስቀምጦ ጉልበቱን እየመታ ነበር። እኔም አፌን ሳልከፍት ሳቅሁ። ከዚያ ደግሞ ዝም ብዬ መቀመጥ አቃተኝ፤ ባሕር ዛፉ እንደሚመጣ አውቃለሁ።

መጣ። ወይዘሮዋ ያለ ዱላ፣ አገጯን ቀና አድርጋ ትራመዳለች። ወደቀች።

አንድም ሰው አልሳቀም። አዳራሹ በሙሉ፣ ሕፃን ሽማግሌ ሳይቀር፣ በአንድ አፍ «እኔን!» አለ። አንዲት ሴት ከመቀመጫዋ ተነሥታ ነበር፤ ወዴት እንደምትሄድ ግራ ገብቷት ቆመች። ማን ነገራቸው? መሬቱን ማየቴን አለማየቴን ማን አስተማራቸው? ፍራሽ መኖር አለመኖሩ በአረንጓዴ ጨርቅ ተሸፍኖ አይታወቅም። እነሱ ግን ያለ አንድ ቀን ትምህርት ለዩት።

አንሶላው ላይ ሰዎቹ እንደ ሐውልት ቆመዋል። የአቶ ይልቃል ፊት ይታያል። እግራቸው ቆሟል፣ አፋቸው ይንቀሳቀሳል፤ ደጋግሞ፣ ደጋግሞ። ሜዳው ላይ ሳለሁ ጫማቸውን ብቻ ነው ያየሁት። ለካ ያን ሁሉ ጊዜ፣ ድምፅ ሳያወጡ፣ ይጠሩኝ ነበር።

ዓይናለም እጄን ያዘች። ከሆቴሉ ሳሙና እጇ ሻክሯል። ፊልሙ እስኪያልቅ አልለቀቀችኝም፤ ሰዉ ሲያጨበጭብም እሷ በአንድ እጅ ማጨብጨብ ስለማይቻል አላጨበጨበችም።

ቤት ያደረሱኝ እሷና ሶሊያና ናቸው። ደረጃውን ስወጣ ዓይናለም ከኋላዬ፣ ሁለት እጇን ሳትነካኝ ከወገቤ ግራና ቀኝ አድርጋ፣ ልጅ እግር ሲያወጣ እንደሚጠበቀው ወጣች። በሩ ላይ ስንደርስ ጠየቀችኝ።

«እማዬ፣ ያኛው ፍራሽ ነበረው?»

ሶሊያና ስልኳን ታያለች፤ ያልበራ ስልክ። እሷ ለእናቷ አልነገረችም። መናገሩን ለእኔ ትታዋለች።

ነገ በጠዋት እነግርሻለሁ አልኳት። ዓይናለም ግንባሬን ሳመችኝና ወረዱ።

ነገ ዳግም ትንሣኤ ነው። እንደ ተነሣሁ፣ ሥራ ሳትገባ፣ ለዓይናለም እደውላለሁ። ፍራሽ አልነበረም እላታለሁ። የመታጠቢያ ቤቱንም ሳላስቀር እነግራታለሁ፤ ቃሌ አንድ ጊዜ ነበር፣ ሁለት ሆኗል። ክፍሉን እንደገና አያለሁ፤ መስኮቱ ወዴት እንደሚያይ ባለፈው አላስተዋልኩም። የጎልፍ ዱላውን ለዳኒ እመልሳለሁ፤ ጎማው ማለቁን ራሴ እነግረዋለሁ፣ ቅዳሜ ቅዳሜ ከዌስትቼስተር ወደዚህ እንዲያመላልሰኝም እጠይቀዋለሁ፤ አንቱ ማለትን በመንገድ አስተምረዋለሁ። ሐናን ጌጥ የሌለው ጥቁር ምርኩዝ የት እንደሚሸጥ እጠይቃታለሁ። ለሰው ትናገራለች፤ ይሁን፣ ይህኛው እውነት ነው።

አቶ ይልቃል ቤተ ክርስቲያን ሊወስዱኝ መጥተው ከታች ደወሉን ሲደውሉ፣ እንደ ወትሮው መጣሁ፣ ወረድኩ አልልም። ይውጡ እላቸዋለሁ። በሩን ከፍቼ እጠብቃቸዋለሁ። ክርናቸውን እይዛለሁ፤ ሰው ቢያይም።